ኮምፒውተሩ ፎርማት ከመደረጉ በፊት የጌም ሴቫችሁን እንዴት ታወጣላችሁ?

ላፕቶፑ ይንቀራፈፍና ቴክኒሻን ጋ ይሄዳል። ቴክኒሻኑ «ፎርማት ያስፈልገዋል፣ ፋይሎችህ የት ናቸው?» ሲል የሚሰጠው መልስ ብዙ ጊዜ አንድ ነው፦ «ሁሉም ዲ ላይ ነው፣ ሲን አጥፋው።» እውነትም ፎቶው፣ ሙዚቃውና ጌሙ ዲ ላይ ናቸው። ኮምፒውተሩ ፈጣን ሆኖ ይመለሳል። ጌሙ ሲከፈት ግን ያለው «ኒው ጌም» ብቻ ነው። ስንት ሲዝን የተለፋበት የፔስ እግር ኳስ ጌም ማስተር ሊግ ጠፍቷል።

ጌሙና ሴቩ (የደረሳችሁበትን የሚይዘው ፋይል) ሁለት የተለያዩ ነገሮች ናቸው። ጌሙን ዲም ላይ ጫኑት፣ ኤክስተርናል ላይ፣ አብዛኛው ጌም የደረሳችሁበትን የሚጽፈው ሲ ላይ ነው። «ዩዘርስ» በሚለው ፎልደር ውስጥ በእናንተ ስም የተከፈተ ፎልደር አለ፤ ሴቩ እዚያ ይገባል። ሲ ፎርማት ሲደረግ ያ ፎልደር አብሮ ይሄዳል። ጌሙን ከኢንተርኔቱ የጌም መደብር ከስቲምም ሆነ ከጓደኛ ሐርድ ዲስክ መልሳችሁ ታመጣላችሁ። ሴቩን ግን ከእናንተ በቀር ማንም ጋ አታገኙትም። ስለዚህ ኮምፒውተሩን ለሰው ከመስጠታችሁ በፊት ራሳችሁ አውጡት። ከግማሽ ሰዓት የማይበልጥ ሥራ ነው።

አንድ ነገር ልብ በሉ። የፎልደሮቹ ስም ስክሪናችሁ ላይ የሚታየው በእንግሊዝኛ ፊደል ነው፤ እዚህ የጻፍኩት አነባበባቸውን ነው።

መጀመሪያ የተደበቀው ይታይ

ሴቭ ከሚገባባቸው ፎልደሮች ዋናውን ዊንዶውስ ይደብቀዋል። ማንኛውንም ፎልደር ክፈቱ። ዊንዶውስ 10 ከሆነ ከላይ «ቪው» የሚለውን ንኩና «ሂድን አይተምስ» ላይ ምልክት አድርጉ። ዊንዶውስ 11 ከሆነ «ቪው»፣ ከዚያ «ሾው»፣ ከዚያ «ሂድን አይተምስ» ነው። እዚያው አጠገብ «ፋይል ኔም ኤክስቴንሽንስ» አለ፤ እሱንም አብሩት። የፋይሉ ስም መጨረሻ ላይ ከነጥቡ በኋላ ያለውን ካላያችሁ የሴቲንግ ፋይሉን ከሴቭ ፋይሉ መለየት ይከብዳችኋል።

የት የት ይፈለጋል?

በመጀመሪያ «ዶክመንትስ»ን ክፈቱ። የቆዩ ጌሞች እዚህ ይወዳሉ። በጌሙ ስም፣ በሠራው ድርጅት ስም ወይም «ማይ ጌምስ» በሚል ፎልደር ውስጥ ይሆናሉ። ዶክመንትስ ባዶ ከሆነባችሁ ወይም የጠበቃችሁት ከሌለ የማይክሮሶፍቱን የኢንተርኔት ማስቀመጫ ዋንድራይቭን ጠርጥሩ። ዋንድራይቭ ሲበራ ዶክመንትስን ወደ ራሱ ፎልደር ሊያዛውረው ይችላል። ያኔ በስማችሁ ፎልደር ውስጥ መጀመሪያ «ዋንድራይቭ»፣ ከዚያ «ዶክመንትስ» እያላችሁ ትገባላችሁ። ሁለት ዶክመንትስ ካገኛችሁ ሁለቱንም እዩ።

በሁለተኛ ደረጃ፣ እዚያው በስማችሁ ፎልደር ውስጥ «ሴቭድ ጌምስ» የሚል አለ። ማይክሮሶፍት ለዚሁ ሥራ ያዘጋጀው ቢሆንም የሚጠቀሙበት ጌሞች ብዙ አይደሉም። አንድ ጊዜ አይታችሁት እለፉ።

ሦስተኛው ዋናው ነው፦ «አፕዴታ»። የተደበቀው ፎልደር ይህ ነው። አቋራጭ መንገድ አለው። የዊንዶውስ ቁልፍን ይዛችሁ የእንግሊዝኛዋን «አር» ስትጫኑ «ረን» የሚል ትንሽ ሳጥን ይመጣል። እዚያ ውስጥ የፐርሰንት ምልክት፣ ከዚያ አፕዴታ በአንድ ቃል፣ ከዚያ እንደገና የፐርሰንት ምልክት ያለ ክፍተት ጽፋችሁ ኢንተር በሉ። የሚከፈተው «ሮሚንግ» የሚባለው ክፍል ነው። አንድ ደረጃ ወደ ላይ ብትወጡ ሦስት ፎልደሮች ታያላችሁ፦ «ሎካል»፣ «ሎካልሎው» እና «ሮሚንግ»። ሦስቱንም ማየት አለባችሁ።

ጌሙ በምን ኢንጂን (የጌም መሥሪያ ሶፍትዌር) እንደተሠራ ካወቃችሁ ፍለጋው ያጥራል። በዩኒቲ የተሠሩ ጌሞች አብዛኛውን ጊዜ «ሎካልሎው» ውስጥ ናቸው፤ መጀመሪያ የድርጅቱ ስም፣ በውስጡ የጌሙ ስም ይመጣል። በአንሪል የተሠሩት «ሎካል» ውስጥ ይሆናሉ። የጌሙን ፎልደር ስትከፍቱ «ሴቭድ»፣ በእሱ ውስጥ ደግሞ «ሴቭጌምስ» ታገኛላችሁ። የአንሪል ጌሞች የፎልደር ስም አንዳንዴ ገበያ ላይ ከወጣው ስም ጋር አይገናኝም፤ ሠሪዎቹ በሥራ ላይ እያሉ ይጠሩበት የነበረው ስም ይሆናል። ስለዚህ ስሙ የለም ብላችሁ ቶሎ ተስፋ አትቁረጡ።

ሌላው ቦታ ጌሙ የተጫነበት ፎልደር ራሱ ነው። በጣም የቆዩ ጌሞች ሴቫቸውን እዚያው አጠገባቸው ይጽፋሉ። «ፕሮግራም ፋይልስ» ውስጥ ከተጫኑ ግን ከቪስታ ጀምሮ ያለው ዊንዶውስ ያለ አድሚኒስትሬተር ፈቃድ እዚያ ውስጥ እንዲጽፉ አይፈቅድም። ጌሙ እንዳይበላሽ ብሎ የሚጽፈውን ነገር በዝምታ ወደ «አፕዴታ»፣ «ሎካል»፣ «ቨርችዋልስቶር» ያዞርለታል። እ.ኤ.አ. ከ2006 በፊት የወጣ ጌም ሴቭ የትም ጠፍቶባችሁ ከሆነ መጀመሪያ እዚህ ግቡ። ከሰው ሐርድ ዲስክ የተገለበጡ ጌሞች ደግሞ አንዳንዴ «ዩዘርስ» ውስጥ «ፐብሊክ» በሚለው ፎልደር፣ እሱ ውስጥ ባለው ዶክመንትስ ይጽፋሉ።

ጭራሽ ካልተገኘ

የምወደው ዘዴ ይህ ነው፤ ለየትኛውም ጌም ማለት ይቻላል ይሠራል።

1. ጌሙን ክፈቱ፣ ትንሽ ተጫወቱ፣ ሴቭ አድርጉ፣ ውጡ። ሰዓቱን አስታውሱ።
2. ሲ ላይ «ዩዘርስ»ን፣ ከዚያ በስማችሁ ያለውን ፎልደር ክፈቱ።
3. በቀኝ በላይ ባለው የመፈለጊያ ሳጥን ውስጥ «ዴትሞዲፋይድ» በአንድ ቃል፣ ሁለት ነጥብ፣ ከዚያ «ቱዴይ» ብላችሁ በእንግሊዝኛ ጻፉ። ዛሬ የተነኩ ፋይሎች ይዘረዘራሉ። «አፕዴታ» ውስጥ ያለው ካልመጣ እሱን ራሱን ከፍታችሁ ፍለጋውን ድገሙት።
4. ዝርዝሩን በ«ዴት ሞዲፋይድ» ደርድሩና ሴቭ ባደረጋችሁበት ደቂቃ የተጻፈውን ፈልጉ።
5. ፋይሉን ራይት ክሊክ አድርጋችሁ «ኦፕን ፋይል ሎኬሽን» በሉ።

የብራውዘርና የዊንዶውስ ፋይሎች ዝርዝሩን ስለሚያጨናንቁት ከመጀመራችሁ በፊት ክሮምንም ሌላውንም ዝጉ።

ኢንተርኔት ካላችሁ ደግሞ እ.ኤ.አ. ከ2012 ጀምሮ ያለው ፒሲ ጌሚንግ ዊኪ የሚባል ድረ ገጽ አለላችሁ። የጌሙን ስም ፈልጋችሁ ገጹን ክፈቱና «ሴቭ ጌም ዴታ ሎኬሽን» ወደሚለው ሰንጠረዥ ውረዱ። ሙሉው አድራሻ እዚያ ተጽፏል።

ብዙ ሰው የሚጫወታቸው

ፔስ 2013፦ ዶክመንትስ ውስጥ «ኮናሚ»፣ ከዚያ «ፕሮ ኢቮሉሽን ሶከር 2013»፣ ከዚያ «ሴቭ»። ሌሎቹም ዓመቶች ብዙዎቹ በዚሁ መንገድ ናቸው፤ በአብዛኛው የሚለየው ቁጥሩ ነው። እዚህ ውስጥ «ኤዲት» የሚል ፋይል አለ። የቡድን ስም፣ ማሊያና የተጫዋች ዝውውር ያስተካከላችሁት እሱ ውስጥ ነው። አዲስ ዝውውር አለው እየተባለ በፍላሽ የሚዞረው ኦፕሽን ፋይልም ይህንኑ ነው የሚተካው። ስለዚህ የሰው ኦፕሽን ፋይል ከመጫናችሁ በፊት የራሳችሁን ኤዲት ሌላ ቦታ ገልብጡ፤ ካልወደዳችሁት መመለሻ ይሆናችኋል።

ጂቲኤ ሳን አንድሪያስ፦ ዶክመንትስ ውስጥ «ጂቲኤ ሳን አንድሪያስ ዩዘር ፋይልስ»። ስምንት የሴቭ ቦታ አለው፤ የፋይሎቹ ስም ከ1 እስከ 8 ቁጥር ይይዝና ከነጥብ በኋላ በ«ቢ» ያበቃል። የሚያስፈልጓችሁ እነዚህ ናቸው። እዚያው ያለውና በ«ሴት» የሚያበቃው ፋይል የስክሪንና የድምፅ ሴቲንግ ነው። እሱን ወደ ሌላ ኮምፒውተር ባትወስዱት ይሻላል፤ የአሮጌው ስክሪን መጠን ከአዲሱ ጋር ካልተስማማ ጌሙ አልከፈት ሊል ይችላል። እንዲያውም ሳን አንድሪያስ ሲከፈት ወዲያው እየተዘጋ ካስቸገራችሁ እሱን ፋይል ብቻ አጥፍታችሁ ሞክሩት። ጌሙ አዲስ ይሠራል፤ ሴቫችሁ አይነካም። ሞድ (ጌሙን የሚቀይር ተጨማሪ ፋይል) ጭናችሁ የተጫወታችሁበት ሴቭ ግን ሞድ በሌለው ጌም ላይ ላይከፈት ስለሚችል ሞዱንም አብራችሁ ያዙ።

ፉትቦል ማናጀር፦ ዶክመንትስ፣ «ስፖርትስ ኢንተራክቲቭ»፣ የጌሙ ስምና ዓመት፣ «ጌምስ»። እነዚህ ፋይሎች ከሌሎቹ ይከብዳሉ፤ ፍላሻችሁ ላይ ቦታ እንዳለ እዩ።

ማይንክራፍት ጃቫ፦ «ሮሚንግ» ውስጥ ከፊቱ ነጥብ ያለው «ማይንክራፍት»፣ ከዚያ «ሴቭስ»። አንዱ ዓለም አንድ ሙሉ ፎልደር ነው። ውስጡ ገብታችሁ ፋይል አትምረጡ፤ ፎልደሩን እንዳለ ውሰዱ።

ስታርዱ ቫሊ፦ «ሮሚንግ»፣ «ስታርዱቫሊ»፣ «ሴቭስ»። እሱም እርሻ በእርሻ ፎልደር ነው። ቴራሪያ ዶክመንትስ፣ «ማይ ጌምስ» ውስጥ ነው፤ «ፕሌየርስ» እና «ወርልድስ» የሚባሉ ሁለት ፎልደሮች ስላሉት አንዱን ብቻ ይዛችሁ እንዳትሄዱ። ገጸ ባሕርያችሁ አንዱ ጋ፣ ዓለሙ ሌላው ጋ ነው።

አገላበጡ

ጌሙን ዝጉ። ስቲምንም ዝጉ። ጌሙ ክፍት ሆኖ የተገለበጠ ሴቭ ጎዶሎ ሊሆን ይችላል። ከዚያ ሙሉውን ፎልደር ራይት ክሊክ፣ ኮፒ፤ በሌላ ቦታ ፔስት። «ከት» አትበሉ፤ መሃል ላይ መብራት ቢጠፋ ግማሹ እዚህ ግማሹ እዚያ ይቀራል።

በጌሙ ስም ፎልደር ሥሩ፤ ከሥሩ በቀን የተሰየመ ሌላ ፎልደር። ቀኑን ዓመት፣ ወር፣ ቀን በሚል ቅደም ተከተል ጻፉት፤ ያኔ ኮምፒውተሩ ራሱ ከአሮጌ ወደ አዲስ ይደረድርላችኋል። ዊንዶውስ የፋይሎችን ቀን በፈረንጅ አቆጣጠር ስለሚያሳይ እናንተም በዚያው ጻፉ። በኢትዮጵያ አቆጣጠር ጽፋችሁ በኋላ ከፋይሉ ቀን ጋር ስታወዳድሩ መደናገር ይመጣል። የመጨረሻዎቹን ሦስት ቅጂዎች አቆዩ። አንድ ብቻ ከያዛችሁ የተበላሸውን ሴቭ በደህናው ላይ የምትገለብጡበት ቀን ይመጣል።

በዚያው ፎልደር ውስጥ አንዲት የጽሑፍ ፋይል ክፈቱና ሴቩን ከየት እንዳነሳችሁት ጻፉባት። ከወራት በኋላ መንገዱን የሚያስታውስ የለም።

የት ይቀመጥ? ዲ ላይ አንድ ቅጂ ይኑር፤ ሐርድ ዲስኩ ራሱ ቢሞት ግን ዲም አብሮ ይሞታል። ፍላሽ ጥሩ ነው፤ ከፎቶኮፒ ቤት ወደ ፎቶኮፒ ቤት የሚዞር ፍላሽ ግን ቫይረስ ስለሚይዘው ብቻውን አይታመንም። እኔ የምመክረው ቴሌግራም ነው። ፎልደሩን ራይት ክሊክ አድርጋችሁ ዚፕ ካደረጋችሁ በኋላ «ሴቭድ ሜሴጅስ» ውስጥ እንደ ፋይል ላኩት። ቴሌግራም ያለ ክፍያ በአንድ ፋይል እስከ 2 ጊጋባይት ይቀበላል፤ አብዛኛው ሴቭ ደግሞ ከጥቂት ሜጋባይት አይዘልም። ኮምፒውተሩ ቢሰረቅ እንኳ ሴቩ ስልካችሁ ላይ ይጠብቃችኋል። ያረጀ ማይንክራፍት ዓለም ግን ሊገዝፍ ስለሚችል ዳታችሁን አይታችሁ ላኩ።

ጌም ለሚያበዛ ሰው ሉዱሳቪ የሚባል ነፃ ፕሮግራም አለ። ኮምፒውተሩን ራሱ ፈትሾ የሚያውቃቸውን ጌሞች ሴቭ በአንድ ጊዜ ይሰበስባል። ጌሙ ባልተለመደ ቦታ የሚጽፍ ከሆነ ግን ሊያልፈው ስለሚችል፣ ከጨረሰ በኋላ ዝርዝሩ ውስጥ የምትሳሱለት ጌም መኖሩን አረጋግጡ።

መመለስ

1. ጌሙን ጫኑ።
2. አንድ ጊዜ ክፈቱት፣ አዲስ ጀምራችሁ ሴቭ አድርጉ፣ ውጡ። ጌሙ ትክክለኛውን ፎልደር በራሱ ይሠራል።
3. ያንን ፎልደር አግኙና የድሮውን ሴቭ እዚያ ገልብጡ፤ ልተካ ወይ ሲላችሁ «ሪፕሌስ» በሉ።
4. ክፈቱና ሎድ አድርጉ።

ብዙ ሰው የሚሳሳተው ፎልደር በፎልደር ውስጥ በመክተት ነው። «ሴቭ» ውስጥ ሌላ «ሴቭ» ከገባ ጌሙ አያየውም። የኮምፒውተሩ ተጠቃሚ ስም ቢቀየር ችግር የለም፤ በአዲሱ ስም ሥር ማስገባት ብቻ ነው። አንዳንድ ጌሞች ግን ሴቩን ከስቲም አካውንት ጋር ያስሩታል። ለምሳሌ ኤልደን ሪንግ ሴቩን በአካውንቱ ቁጥር በተሰየመ ፎልደር ውስጥ ያስቀምጣል፤ የጓደኛን ሴቭ እንዲሁ አምጥቶ መክፈት አይቻልም።

የዊንዶውስ ተጠቃሚ ስማችሁን በአማርኛ ፊደል የጻፋችሁ ካላችሁ ይህን እወቁ፦ አንዳንድ ጌሞች ከእንግሊዝኛ ፊደል ውጭ የሆነ የፎልደር ስም ማንበብ ያቅታቸዋል፤ ይጫወታሉ፣ ሴቭ ግን አያደርጉም። የሚታየውን ስም መቀየር ፎልደሩን አይቀይረውም። በእንግሊዝኛ ፊደል አዲስ አካውንት ከፍታችሁ እዚያ ተጫወቱ።

ክላውድ ሲኖር

ስቲም ላይ ጌሙን ራይት ክሊክ አድርጋችሁ «ፕሮፐርቲስ» ውስጥ ስትገቡ፣ ጌሙ ስቲም ክላውድን (ሴቩን ኢንተርኔት ላይ የሚያስቀምጠውን አገልግሎት) የሚደግፍ ከሆነ ማብሪያና ማጥፊያው «ጀነራል» ላይ ይታያል። ከሌለ ያ ጌም አይደግፍም ማለት ነው፤ ሁሉም አይደግፉም። የድሮ ሴቭ በእጃችሁ ልትመልሱ ከሆነ መጀመሪያ አጥፉት። አለበለዚያ ክላውዱ የራሱን አውርዶ እናንተ በገለበጣችሁት ላይ ሊጽፍበት ይችላል።

ኢንተርኔት እየተቆራረጠ ከተጫወታችሁ ስቲም አንድ ቀን «የኮምፒውተሩን ልያዝ የክላውዱን?» ብሎ ይጠይቃችኋል። አትቸኩሉ። ሁለቱም ላይ ቀንና ሰዓት ተጽፏል። ከመምረጣችሁ በፊት የኮምፒውተሩን ሴቭ ሌላ ቦታ ገልብጡት፤ ያኔ ብትሳሳቱም የሚጠፋ ነገር የለም።

መብራት ሴቭ ላይ ሲጠፋ

ጌሙ ሴቭ እያደረገ መብራት ከሄደ ፋይሉ ሊበላሽ ይችላል። ምልክቱ መጠኑ 0 መሆኑ ወይም ጌሙ «ኮራፕትድ» ማለቱ ነው። ቶሎ «ኒው ጌም» አትበሉ። አንዳንድ ጌሞች የቀድሞውን ሴቭ አጠገቡ ያስቀምጣሉ። ስታርዱ ቫሊን ብንወስድ፣ በእርሻችሁ ፎልደር ውስጥ ሁለት ዋና ፋይሎች አሉ፦ «ሴቭጌምኢንፎ» የሚለውና ከፎልደሩ ጋር አንድ ስም ያለው። የሁለቱም ቅጂ በስሙ መጨረሻ ላይ የግርጌ ሰረዝና «ኦልድ» ተጨምሮበት አጠገባቸው ተቀምጧል። መጀመሪያ ሙሉ ፎልደሩን ሌላ ቦታ ገልብጡ። ከዚያ የተበላሹትን ሁለቱን አንሱና ከ«ኦልድ»ዎቹ ስም ላይ ጭማሪውን አጥፉ። ጌሙ ከአንድ ቀን በፊት ከነበራችሁበት ይከፍትላችኋል። ማይንክራፍትም ለ«ሌቭል ዳት» ፋይሉ በተመሳሳይ መንገድ «ኦልድ» ያስቀምጣል። ቴራሪያ ደግሞ በ«ባክ» የሚያበቃ ቅጂ አለው።

አንድ ኮምፒውተር፣ ብዙ እህትና ወንድም

አንድ የሴቭ ቦታ ብቻ ባለው ጌም ላይ ታናሽየው «ኒው ጌም» ሲል የታላቅየው ይጠፋል። ጸቡም አይጣል ነው። ንጹሁ መፍትሔ ለእያንዳንዱ የዊንዶውስ አካውንት መክፈት ነው፤ ሴቩ በየስማቸው ፎልደር ይገባል። ይህ ካልተመቸ ጌሙ ተዘግቶ እያለ የሴቩን ፎልደር ስም ቀይሩና መጨረሻው ላይ የባለቤቱን ስም ጨምሩበት። ጌሙ ሲከፈት አዲስ ፎልደር ይሠራል። ተራ ሲቀየር ስሞቹን መልሳችሁ ትቀያይራላችሁ።

ፎርማቱ አልፎ ከሆነ

ቴክኒሻኑ ዲስኩን ሳያጸዳ በላዩ ላይ አዲስ ዊንዶውስ ጭኖ ከሆነ ሲ ላይ «ዊንዶውስ ነጥብ ኦልድ» የሚል ፎልደር ታገኛላችሁ። ውስጡ «ዩዘርስ»፣ ከዚያ የድሮ ስማችሁ፣ ከዚያ ከላይ የዘረዘርኳቸው ቦታዎች ሁሉ እንደነበሩ አሉ። ዛሬውኑ አውጡ፤ ዊንዶውስ ከጊዜ በኋላ ራሱ ሊሰርዘው ይችላል።

ያ ፎልደር ከሌለ ሲ ላይ ምንም አትጫኑ፣ ምንም አታውርዱ። የጠፋው ፋይል የነበረበት ቦታ ላይ አዲስ ነገር በተጻፈ ቁጥር የመመለስ ዕድሉ እየቀነሰ ይሄዳል። ሬኩቫን የመሰለ የፋይል መመለሻ ፕሮግራም በሌላ ኮምፒውተር ፍላሽ ላይ አድርጋችሁ ከፍላሹ አስነሱት፤ የሚያገኘውንም ሲ ላይ ሳይሆን ፍላሽ ላይ አስቀምጡ። ዲስካችሁ የሚሽከረከረው ዓይነት ሐርድ ዲስክ ከሆነ መሞከሩ ዋጋ አለው። ኤስኤስዲ ከሆነ ግን ዊንዶውስ የተሰረዘውን ቦታ ወዲያው እንዲጸዳ ስለሚያዘው አብዛኛውን ጊዜ የሚገኝ ነገር የለም፤ ብር ከፍላችሁ «እንመልስላችኋለን» ወደሚሉ ከመሄዳችሁ በፊት የትኛው ዓይነት እንዳላችሁ ጠይቁ።